ፀሐይ ላይ የተሰጣው ካሴት

ጋምቤላ ክልል በሆነች ሰሞን እዚያ አስተምር ነበር። ለእርዳታ ሥራ የመጣ አንድ ወጣት ፈረንጅ ከጓደኞቹ ጋር የሠራውን የመጀመሪያ ካሴት ሰጠኝ። ቴፕ ውስጥ ስከተው ጊታሩም ከበሮውም ዘፋኙም ጅብ እንዳባረራቸው ይሮጣሉ። የመዘምራን መሪ የሆነው ጎረቤቴ ኦሞድ ጥቂት ሰማና፣ "ቲቸር፣ ይሄ ካሴት ታሟል" አለኝ። የእኛ ካሴቶች ፀሐይ ሲመታቸው መጎተት ስለሚጀምሩ፣ ይሄንንም ያዘገየዋል ብሎ ቆርቆሮ ላይ አሰጣው። እውነትም አመሻሹ ላይ እንደ መዝሙር ረጋ ብሎ ወጣ።

በማግስቱ ፈረንጁ ቤቴ መጥቶ እስኪያልቅ ሰማው። "ቆንጆ ነው። ማን ነው የሚዘፍነው?" አለ በተሰባበረ አማርኛው። አብሮን ይሰማ የነበረው ኦሞድ ኮስተር ብሎ፣ "አንተ ነህ። አሁን ተሽሎሃል" አለው። ፈረንጁ እኔን አየ፤ እኔ ቴፑን። ይቅርታ ልበለው ወይስ እንኳን እግዜር ማረህ፣ እስካሁን አልገባኝም።