ስለ መሀድ ዋይስ የነፋስ ሣጥን የተሰጠ ቃል

የምስክሯ ስም፦ ሂንዳ አደን ፋራህ
ዕድሜ፦ 36
ሥራ፦ ልብስ ሰፊ
አድራሻ፦ ቀድሞ ሀርጌሳ፣ 26 ጁን ሠፈር፤ አሁን በጅግጅጋ አካባቢ የስደተኞች መጠለያ
ቀን፦ ሐምሌ 12 ቀን 1980 ዓ.ም.
ቃሉን የተቀበለው፦ አሥር አለቃ አቻምየለህ ደርሰህ
ማሳሰቢያ፦ ምስክሯ ተወልደው ያደጉት ድሬዳዋ በመሆኑ አስተርጓሚ አላስፈለገም።

እኔ ከላይ ስሜ የተጠቀሰው ምስክር፣ ባለቤቴ መሀድ ዋይስ በሀርጌሳ ከተማ ለቦምብ ጣይ አውሮፕላኖች በጭስ ምልክት ሰጥቷል ተብሎ ከትናንት በስቲያ ከመጠለያው ተይዞ ስለታሰረበት ጉዳይ የማውቀውን እንድናገር ተጠይቄ የሚከተለውን ቃል ሰጥቻለሁ። ጥቆማውን ያቀረበው ባሬ ኸሊፋ በሀርጌሳ አጥር ለአጥር የምንገናኝ ጎረቤታችን ነው።

ባለቤቴ የተማረው የአውሮፕላን ምህንድስና ነው። በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ ያስተምርና ከሥራ ሲመለስ ግቢያችን ውስጥ ስለ አየር ፍሰት ምርምር ያደርግ ነበር። መሣሪያው ራሱ ከጣውላ የሠራው፣ ሰው አስተኝቶ የሚተርፍ ረጅም ሣጥን ሲሆን አንድ ጎኑ መስታወት ነው። ከኋላው በመብራት የሚሠራ ትልቅ ማራገቢያ አየሩን ይስባል፣ ከፊት በቀጫጭን ቱቦ ጭስ ይገባል፣ መሐሉ ላይ ከእንጨት የተጠረበ የአውሮፕላን ክንፍ አለ። ጭሱ መጀመሪያ ቀጥ ብሎ ይሄድና ክንፉን ሲያልፍ ይበጣጠሳል፣ ይተረማመሳል። መሀድ የሚያጠናው ይህን ትርምስ ነው። ከሰዓት በኋላ ሙቀቱ ሲበረታ በከተማችን ኤርፖርት የሚያርፉ ትንንሽ አውሮፕላኖች ለምን ክፉኛ እንደሚናጡ ለማወቅ ነበር ድካሙ ሁሉ። የሣጥኑ ወለል ላይም አየሩ ወዴት እንደሚዞር እንዲያሳየው ከስፌት መኪናዬ ሰማያዊ ክር እየወሰደና እየቆራረጠ በሙጫ ለጥፎበታል። ክሬን ጨረስከው ብዬ ስንት ጊዜ ተጣልቼዋለሁ።

እንግዲህ ፍረዱ። አውሮፕላን እንዳይወድቅ ሲለፋ የኖረ ሰው አውሮፕላን ጠርቶ ሰው አስፈጀ ይባላል? ጉድ እኮ ነው!

ባሬ ይህን ሣጥን አያውቀውም? ወላሂ ያውቀዋል። ጭሱ ሸተተን ብሎ ሊጣላ መጥቶ፣ መሀድ በመስታወቱ አሳይቶት፣ ሻይ ጠጥቶ ስቆ ነው የሄደው። ከዚያ ወዲህ ባለቤቴን ባገኘው ቁጥር "ዛሬስ ነፋሱን አሠርከው?" እያለ ይቀልድበት ነበር።

ጦርነቱ ከተማ የገባ ዕለት መብራት ጠፋ። ማራገቢያው ያለ መብራት ስለማይዞር ከዚያ ወዲህ ሣጥኑን የነካው የለም። ባሬ ከጣሪያችሁ ሲወጣ አየሁት የሚለው ጭስ የእኛው ማድ ቤት በቦምብ ተመትቶ ሲቃጠል የወጣ ነው። ደግሞስ የምን ምልክት? አውሮፕላኖቹ የራሳችን መንግሥት ናቸው፤ የሚነሱትም ከዚያው ከራሳችን ኤርፖርት ነበር። ሲነሱ ደጃችን ቆመን እናያቸዋለን፤ ሻይ እስኪፈላ እንኳ ሳይቆዩ ደርሰው ይጥሉብናል፤ ተመልሰው እዚያው ያርፋሉ፣ እንደገና ጭነው ይነሳሉ። ደጅህ ቆሞ ቤትህን የሚያቃጥል ሰው መንገድ አሳዩኝ ይላል? ይህን ባሬም አይቷል፣ ከተማው ሁሉ አይቷል።

በዚያ ድብደባ የባሬ ልጅ ኒምኮ ሞተች። አጥቤ የከፈንኳት እኔ ነኝ። ሐዘኑ ይገባኛል፤ የገደሏት ላይ ሊደርስ ስላልቻለ አጠገቡ ያገኘውን ሰው ያዘ። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ማለት ይኸው ነው። ግን በእሱ ሐዘን እኔ ባሌን ልጣ? በስለላ የተያዘ ሰው ወዴት እንደሚወሰድ አላውቅም እንዳይመስላችሁ፤ ያደግሁት ድሬዳዋ ነው፣ ተወስደው ያልተመለሱ ሰዎች አውቃለሁ።

በዚያው ዕለት የባሬ እናት ወይዘሮ ሮዳ ግድግዳ ተደርምሶባቸው ወገባቸው ተጎዳ። መኪና የለም፣ አህያም የለም። ሰው ሁሉ ወደ ድንበር ሲሸሽ ባሬ እናቴን ጥዬ የትም አልሄድም ብሎ መሬት ላይ ቁጭ አለ። መሀድ ወደ ሣጥኑ ሄደ። ያን ሁሉ ዘመን አቧራ እንዳይነካው ሲጠብቀው የኖረውን መስታወት በዲጂኖ ሰበረና የወለሉን ጣውላ ነቅሎ አመጣ። እኔ ሴትዮዋን ጣውላው ላይ በሻሼ አሠርኳቸው። ከፊት መሀድ፣ ከኋላ ራሱ ባሬ ተሸክመው እዚህ አደረሷቸው። መንገድ ላይ ነፋስ ሲነሳ እነዚያ ክሮች በሴትዮዋ ግራና ቀኝ ይርገበገቡ ነበር። መሀድ አንድም ጊዜ ዞር ብሎ አላያቸውም፤ እኔ ግን ከኋላ ሆኜ እያየሁ አለቀስኩ።

ባለቤቴ ሲታሰር ወይዘሮ ሮዳን የጠየቃቸው የለም። ድንኳናቸው ከእኛ ቀጥሎ ነው፣ ሂዱና ጠይቋቸው። ዛሬም የተኙት በዚያው ጣውላ ላይ ነው፤ ሰማያዊው ክርም አልለቀቀም። የስለላ መሣሪያ የምትሉት እሱ ነው፣ ሌላው ሀርጌሳ ቀርቷል። ኤግዚቢት ሆኖ ይቅረብ ከተባለ ይቅረብ፤ ግን ከእናቱ ጀርባ ሥር ባሬ ራሱ ስቦ ያውጣው።

ቃሌ ተነብቦልኝ ሰምቻለሁ። አሥር አለቃው ንዴት ያለበት ቦታ ይለዝብ ወይ ብለው ጠይቀውኝ፣ አንዲት ቃል እንዳትነካ ብዬ መልሻለሁ። የተናገርኩት ሁሉ እውነት ነው፤ ሐሰት ከተገኘበት እዚህ በሕግ፣ በወዲያኛውም ዓለም በአላህ ፊት እጠየቅበታለሁ።

የምስክሯ ፊርማ፦ ሂንዳ አደን
ቃሉን የተቀበለው ፊርማ፦ አሥር አለቃ አቻምየለህ ደርሰህ