አባባ ወልደ አማኑኤል የፈቱት ሽቦ

የታኅሣሥ ገብርኤል ዋዜማ ነው፤ ዓመቱ ሁለት ሺህ ሁለት። ኮከቤ ዐሥረኛ ክፍልን ጨርሳ መሐል ሜዳ አክስቷ ዘንድ የምትኖር ልጅ ናት። በዓሉን እናቷ ጋ ልታሳልፍ መጥታ ዘመሮ ላይ ከመኪና ወረደችና አቋራጩን ይዛ ዳገቱን ወጣች። ጫፉ ላይ ስትደርስ ያየችው ነገር ባለችበት አደረቃት።

ጋራው ላይ በቅርቡ የብረት ምሰሶ ተተክሏል። ቀጭን ነው፣ ቀና ብለው ሲያዩት አንገት እስኪያም ድረስ ረጅም ነው። ጫፉ ላይ ጭልፋ የሚያካክሉ ሦስት ጎድጓዳ ነገሮች አሉ፤ ነፋስ ሲመጣ ይሽከረከራሉ። ምሰሶው እንዳይወድቅ በአራት አቅጣጫ በሽቦ ገመድ ተወጥሯል። እያንዳንዱ ሽቦ ደግሞ በሲሚንቶ ከተቀበረ ችካል ጋር በሦስት ብሎን ታስሯል። ታዲያ በምሥራቁ ችካል ሥር አባባ ወልደ አማኑኤል ቁጢጥ ብለው፣ ከወፍጮ ቤት በተዋሱት ፒንሳ ብሎን ይፈታሉ። ሁለቱን ፈትተው ጋቢያቸው ጫፍ ላይ አስቀምጠዋል። የቀረው አንድ ነው።

አባባ ወልደ አማኑኤል የእናቷ አጎት ናቸው። ከሰው አጥር የወደቀች ጭራሮ እንኳ የማያነሱ፣ የተጣላን የሚያስታርቁ ሽማግሌ። ሌባ ብታገኝ ይሻላት ነበር፤ በሌባ ቢያንስ ይጮኹበታል። ለእሳቸው ምን ይባላል? ግራ ሲገባት ሰላምታ ሰጠች። እሳቸውም እጃቸውን ሳያቆሙ ስለ አክስቷ፣ ስለ አክስቷ ልጆች፣ ስለ መሐል ሜዳ ብርድ አንድ በአንድ ጠየቁ።

«አባባ፣ ምን እያደረጉ ነው?» አለች በመጨረሻ።

«በር እየከፈትሁ።»

«የምን በር?»

«የነፋስ።»

ነገሩ እንዲህ ነው። የአባባ አውድማ ከምሰሶው በስተ ምዕራብ፣ ሠላሳ እርምጃ ያህል ወረድ ብሎ ነው ያለው። አውድማ መቼም ነፋስ ያለበት ቦታ ነው የሚለቀለቀው። ገብሱ ተወቅቶ አልቋል፤ ግን ከገለባው ጋር እንደተደባለቀ ነው። በመንሽ ወደ ላይ ሲወረውሩት ነፋሱ ገለባውን ወስዶ ፍሬውን ካልጣለላቸው እህል አይባልም። ምሰሶው ደግሞ የቆመው ታኅሣሥ ስድስት ቀን ነው። ከዚያ ወዲህ፣ ይኸው ዐሥራ ሁለት ቀን፣ አንዲት ሽው የምትል ነገር የለም። ልጃቸው ወሰኔና ሦስት ጎረቤቶች መንሻቸውን ታቅፈው አውድማው ዳር ተቀምጠዋል። በቆላው በኩል ደግሞ ደመና ይሰበሰባል። ዝናብ ከቀደመ ገብሱ እዚያው ይበቅላል፤ የዓመቱ ቀለብ ማለት እኮ ነው።

«ነፋስ ለእኛ የሚመጣው ከምሥራቅ ነው» አሉ አባባ። «ይሄ ሽቦ በምሥራቅ በኩል እንደ መቀርቀሪያ ተጋድሟል። እነሱ ነፋሱን ይሰፍራሉ፣ እኛ አፋችንን ከፍተን እንቀመጣለን።»

ኮከቤ ስለዚህ ምሰሶ ታውቃለች። ባለሙያዎቹ ዐሥረኛ ሳለች ትምህርት ቤታቸው መጥተው ሲያስረዱ እጇን አውጥታ ሁለት ጥያቄ ጠይቃለች። ስለዚህ ፈጠን ብላ መለሰች።

«አባባ፣ ይሄ ነፋስ አይወስድም እኮ። ስንት ጊዜ እንደዞረ ይቆጥራል፣ በቃ። የዚህ ጋራ ነፋስ መብራት ለማመንጨት ይበቃል ወይስ አይበቃም የሚለውን ለማወቅ ነው።»

«ቁና እህል ይበላል እንዴ?»

«አይበላም።»

«አዎ፣ አይበላም። የሚበላው ሰፋሪው ነው።» ፒንሳውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ። «በአባቴ ጊዜ የአስራት ገማች ይመጣ ነበር። አውድማው ዳር ዱላውን ተደግፎ ይቆማል፤ አንዲት ፍሬ በእጁ አይነካም። አይቶ ብቻ "ሃያ ጫን ይወጣዋል" ብሎ ይሄዳል። የወጣው ዐሥራ ሁለት ነበር። አስራቱን የከፈልነው ግን በሃያው ነው፤ በዚያ ክረምት ታናሽ እኅቴ በረሃብ ሞተች። ከዚያ ወዲያ ሰው የኔን ነገር ሲለካ ሳይ ሆዴ ይፈራል። እኛስ አውድማ ላይ እህል ለምን አንቆጥርም? የሰው ስም እንኳ ለምን አንጠራም? በረከት ስለሚሸሽ ነው።»

ይሄ ትምህርት ቤት አልተነገራትም ነበር። እውነቱን ልንገራችሁና፣ እኛ የተማርን ልጆች ሽማግሌ ሲቃወመን ባለማወቅ ነው ብለን እንቸኩላለን። አባባ ግን ያወሩት የሚያውቁትን ነው። ኮከቤም ስለ ታናሽቱ ሰምታ አታውቅም ነበር። ቢሆንም ብሎኑ አንድ ብቻ እንደቀረ አልረሳችም፤ ቁጭ አለች አጠገባቸው።

«እሱ ገማች በደለኛ ነው፤ የለካው በዓይኑ ነው፣ እንዴት እንደለካም ለአባትዎ አላሳየም። ግን አንድ ነገር ልጠይቅዎት። ገብሱን ከመወርወርዎ በፊት ገለባ ቆንጠር አድርገው ወደ ላይ ይበትኑ የለ? ለምንድን ነው?»

«ነፋሱ ከየት እንደሚመጣ፣ ጉልበቱ ምን ያህል እንደሆነ ለማየት ነዋ።»

«ታዲያ እርስዎም ይለካሉ ማለት ነው። ስልሳ ዓመት ሲለኩት ነፋሱ ተቀይሞ ያውቃል?»

«አንቺ ልጅ፣ ምላስሽን መሐል ሜዳ ነው ያሳልሽው» አሉ አባባ።

እሷ አልሳቀችም። ከዚህ በፊትስ ታኅሣሥ ላይ ነፋስ ጠፍቶ ያውቃል ወይ ብላ ጠየቀች። አልጠፋም ሊሉ አፋቸውን ከፈቱና መልሰው ገጠሙት። ወሰኔ ክርስትና የተነሳ ዓመት ዐሥራ አምስት ቀን ሙሉ ቅጠል አልተነቃነቀም፤ ዝናብ ቀድሟቸው ገብሱ አውድማ ላይ አረንጓዴ ሆኖ በቀለ። ይሄን ሲናገሩ የሰው ታሪክ የሚናገሩ ይመስሉ ነበር። ድምፃቸው እየቀነሰ ሄደ።

«ያኔ ምሰሶው የት ነበር?» አለች ኮከቤ ቀስ ብላ።

ፒንሳው አባባ ጉልበት ላይ እንደተጋደመ ቀረ።

ነፋሱ የመጣው ያን ጊዜ ነው። መጀመሪያ ሣሩ ተኛ፣ ከዚያ የኮከቤ ሻርፕ ከራሷ ላይ ተነሣ፣ ከዚያም ምሰሶው ጫፍ ላይ ያሉት ጭልፋዎች ዞሩ። አባባ ብድግ አሉ፤ ፊታቸው በራ።

«አየሽ? ሁለቱን ስፈታ እንዲህ ከሆነ፣ ሦስተኛውንማ ብፈታው!»

ኮከቤ ያን ሁሉ ተከራክራ ነፋሱ ራሱ መጥቶ ለእሳቸው መሰከረላቸው። ታች እነ ወሰኔ ዘለው ተነሡ፤ መንሹ ወጣ ወረደ፣ ገለባው እንደ ጭስ ተነሣ። ነፋሱ በረታ። ያኔ በአንድ ብሎን የቀረው ሽቦ እንደሚሳል ቢላ ሲፏጭ ሰማች። ዞር ብላ ስታይ ሽቦው በችካሉ ቀለበት ውስጥ ስንዝር በስንዝር እየሾለከ ነው። ቀና አለች። ምሰሶው ወደ ምዕራብ ዘምሟል። ወደ አውድማው።

አባባም አዩ። ፊታቸው አመድ ሆነ። የፈቱት የነፋሱን መቀርቀሪያ ሳይሆን የልጃቸውን ዋስ ኖሯል። ለካ ምሥራቅ ነፋስ ሲገፋ ምሰሶውን ይዞ የሚያስቀረው የምሥራቁ ሽቦ ነው፤ እሳቸው የለመኑት ነፋስ ራሱ ነው ምሰሶውን በወሰኔ ላይ የሚጥለው። ሊጣሩ አፋቸውን ከፈቱ። አውድማ ላይ ስም አይጠራም፤ ስልሳ ዓመት ጠርተው አያውቁም።

«ወሰኔ!» ብለው ጮኹ። «ወሰኔ፣ ውጣ!»

አውድማው ላይ ያሉት ሰዎች የደነገጡት መጀመሪያ በስሙ መጠራት ነው። ከዚያ ቀና ብለው ምሰሶውን አዩና መንሻቸውን እየጣሉ በረሩ። ኮከቤና አባባ ሽቦውን በእጃቸው ያዙ፤ መዳፋቸውን እየሰነጠቀ ሄደ እንጂ አልቆመም። ወሰኔ የቀንበሩን ጠፍር ነጥቆ ከጎረቤቶቹ ጋር መጣ፤ ሽቦው ላይ ጠመጠሙት፣ አራቱ ወንዶች ተረከዛቸውን መሬት ውስጥ ተክለው ሳቡ። ኮከቤ ከጋቢው ላይ ብሎኖቹን ለቅማ፣ ደም ባረጠበው እጇ አንዱን፣ ሁለተኛውን መልሳ አሰረች። ሦስተኛውን አባባ ራሳቸው አጠበቁት። ምሰሶው ቀና አለ።

ወሰኔ አባቱን አየ፣ ፒንሳውን አየ፤ ገባው። ተመልሶ ወረደ።

አባባ ግን አልወረዱም። ችካሉ አጠገብ ተቀምጠው ይጠብቃሉ። ምን እንደሚጠብቁ ኮከቤ የገባት ቆይቶ ነው። በሩ ተዘግቷልና ነፋሱ እስኪቆም ነበር የሚጠብቁት። ሽቦው ከበፊቱ ይልቅ ተወጥሯል፤ ነፋሱ ግን ይነፍሳል። ላይ ጭልፋዎቹ ይዞራሉ፣ ታች ገለባው ይሄዳል። ያው ነፋስ ነው፤ ምሰሶውን አልፎ ነው አውድማው ላይ የሚደርሰው። ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ አላቋረጠም።

«ከላይ ሲለካ የዋለው ነው ታች የሠራልኝ» አሉ በመጨረሻ። «ምንም አልጎደለውም። ልጄን ልገድለው ነበር፣ ኮከቤ። በእጄ።»

ኮከቤ የተሰነጠቀ መዳፋቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠቀለለችላቸው። ምክር የሚበቃበት ጊዜ አለ።

ከበዓሉ በኋላ ባለሙያው ይሥሐቅ ምሰሶውን ሊያይ መጣ። ሽማግሌው ማንም ሳይጠራቸው ሄደው የሠሩትን ነገሩት። ይሥሐቅ ብሎኖቹን አንድ በአንድ ነካክቶ አየ። እሳቸው ግን ተናዝዘው ብቻ አልሄዱም።

«እኔ አጥፍቻለሁ፤ ካሣ በሉኝ፣ እክሳለሁ» አሉት። «እናንተም አጥፍታችኋል። ከአውድማዬ አናት ላይ ስትተክሉ ምን እንደሆነ ጠርታችሁ ያስረዳችሁኝ የለም። ለኩ፤ ግን የለካችሁትን አሳዩን። እኛን ያስፈራን መለካቱ ብቻ አይደለም፣ መደበቁም ነው።»

ይሥሐቅ አፈረ፤ ልክ ነዎት አባቴ አላቸው። በወሩ ሰንበት ላይ መጥቶ ከቅዳሴ በኋላ ለምእመናኑ አስረዳ። ልኬቱ ዓመት እንደሚፈጅ፣ ነፋሱ ካልበቃ መብራቱ እዚህ ላይሠራ እንደሚችል ሳይደብቅ ነገራቸው። ቢበቃስ ምን ይጠቅመናል ያሉትን ግን የመለሱት አባባ ናቸው። ሴቶቻችን ጌሾና ገብስ ተሸክመው ወፍጮ ቤት ይሄዳሉ፣ ናፍጣ አለቀ ተብለው ይመለሳሉ፤ የእኛ ነፋስ ናፍጣ አይጠይቅም አሉ። ኩበቱን አንድደን እንጨርሰዋለን፣ መሬታችን ይራባል፤ በመብራት ካበሰልን ኩበቱ ማሳው ላይ ይመለሳል አሉ። የሕፃናቱን ክትባት የሚያቀዘቅዝ ይኖራል፣ ልጆቹም በኩራዝ ጭስ ዓይናቸው አይጠፋም አሉ። እንዲያውም ይሥሐቅ ራሱ ከዚህ የበለጠ አልተናገረም።

ይሄን የምታነቡ ሁሉ፣ አዲስ ነገር ሲመጣ ከመፍታታችሁ በፊት ጠይቁ። አዲስ ነገር የምታመጡም ሳትጠየቁ ንገሩ። ሁለቱም ቢደረግ ኖሮ አባባ ያን ቀን የልጃቸውን ስም እንደዚያ አይጮኹም ነበር።

በሚቀጥለው ዓመት ታኅሣሥ ኮከቤ ስትመጣ ምሰሶው እንደቆመ ነው፤ አባባም አውድማው መሐል ጫማቸውን አውልቀው ቆመዋል። ገለባ ቆንጠር አድርገው በተኑ፣ ከዚያ ቀና ብለው ጭልፋዎቹን አዩ፤ ሁለቱ መስማማታቸውን ሲያዩ ራሳቸውን ነቀነቁ። ኮከቤ ዳር ላይ ቆማ ክምሩ በዛ አይደል፣ ስንት ጫን ይወጣዋል ብላ ጠየቀች።

አባባ ጣታቸውን ከንፈራቸው ላይ አደረጉ።

«እህሉን አትቁጠሪብኝ» አሉ። «ነፋሱን ይቁጠሩት፤ እሱ አያልቅም።»