ሃያ እርምጃ አልፋ የምትቆም መኪና

በ1963 ዓ.ም. ጥር ወር፣ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ነው። የተማሪዎቼን የመንፈቅ ዓመት የፊዚክስ ፈተና በቦርሳ ይዤ ቀራንዮ ፌርማታ ከአውቶቡስ ስወርድ ከኋላዬ ክላክስ ሰማሁ። ዞር ስል የጋሽ ይገዙ ግራጫ ፊያት ናት። በመስኮት እጃቸውን አውጥተው እንድገባ እያመለከቱኝ አጠገቤ ደረሱ፤ ከዚያም አልፈውኝ ሄዱ። መኪናዋ የቆመችው ሃያ እርምጃ ያህል ወደ ታች፣ ዋጋነሽ ሻይ ቤት ደጃፍ ላይ ነበር።

ለሰፈራችን ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። ጋሽ ይገዙ እንደሚያሳፍሩት የሚያውቅ ሰው ቀድሞ ሃያ እርምጃ ወደ ታች ሄዶ ይጠብቃቸዋል። ዋጋነሽ ደጅ ላይ የነበረውን አግዳሚ ወንበር ወደ ውስጥ ካስገባች ሁለት ዓመት ሆኗታል። መኪናዋ በቦታዋ የማትቆመው ለምን እንደ ሆነ የጠየቀ የለም፤ ሁሉም የራሱን መቆሚያ አስተካክሎ ዝም ብሏል። እኔ አራት ዓመት የዩኒቨርሲቲ አዳሪ ሆኜ ስለ ቆየሁ ልማዱ አልያዘኝም። ሮጬ ደረስሁና ገባሁ።

«እንዴት ዋልሽ ዘመነች? ምነው እዚያ ርቀሽ ቆምሽ?» አሉኝ።

«ፌርማታው እዚያ ስለሆነ ነው፣ ጋሼ።»

ሳቁ። ጋሽ ይገዙ ሠላሳ ዓመት በመዝገብ ቤት አገልግለው ጡረታ የወጡ፣ ኮፍያና ከረባት የማይለያቸው፣ ለጎረቤት ደግ የሆኑ ሰው ናቸው። መኪናዋን ወደ አገሩ ከሚመለስ ጣሊያናዊ ከገዟት አሥራ አራት ዓመት አልፏል። ባለቤታቸው እትዬ አስካለማርያም የታናሽ እህቴ የትርንጎ የክርስትና እናት ናቸው።

ትርንጎ የምትዳረው በመጪው እሁድ ነበር። ጋሽ ይገዙም ገና ማርሽ ሳያስገቡ ያወሩልኝ ይህንኑ ነው። ትርንጎ በዚህች መኪና የሚወስዷት ሃያ ሦስተኛዋ ሙሽራ ትሆናለች። የሙሽራው ወገኖች ሌላ መኪና እናመጣለን ብለው ነበር፤ እሳቸው ግን የዚህ ሰፈር ልጅ በሌላ መኪና ወጥታ አታውቅም ብለው መልሰዋቸዋል። እናቴ ነገሩ ባይጥማትም አይሆንም ልትላቸው አትችልም። የክርስትና እናት ቤት ያቀረበውን መኪና መመለስ በእኛ ዘንድ ቤቱን ራሱን እንደ መስደብ ይቆጠራል። የሙሽራው ቤት ያለው ከወንዙ ማዶ ነው። ወደ ወንዙ የሚወስደው መንገድ ቁልቁለት፣ ድልድዩም ጠባብ ነው፤ እዚያ ላይ ሃያ እርምጃ አልፎ የሚቆምበት መሬት የለም።

መንገዱ ትንሽ ዘቅዘቅ ሲል ጋሽ ይገዙ ፍሬኑን አከታትለው ሦስት ጊዜ ሲረግጡ አየሁ።

«ጋሼ፣ ሦስት ጊዜ የሚረግጡት ለምንድን ነው?»

«አንዴ ብቻ የሚረግጥ ጀማሪ ነው፣ ልጄ። በመጀመሪያው ትነግሪዋለሽ፣ በሁለተኛው ታስታውሺዋለሽ፣ በሦስተኛው ይሰማል።»

«ደህና ፍሬን በመጀመሪያው ነው የሚሰማው።»

«እሱ አዲስ መኪና ነው። ይቺ ጠባይ አላት።»

በዚህ መካከል ከወንበሩ ሥር አንድ ጠርሙስ ተንከባሎ እግሬን ነካኝ። ውስጡ ነጣ ያለ ነገር አለ። ምን እንደ ሆነ ስጠይቃቸው በኩራት አስረዱኝ፤ የሳሙና ውሃ ነው። የፍሬኑ ዘይት ጎደል ሲል ይጨምሩበታል። ይህን ጥበብ ያስተማራቸው የጎጃም መንገድ የጭነት መኪና ነጂ ነው። ሳሙናም እንደ ዘይት ያንሸራትታል ብሏቸዋል።

እኔ ነገርን ቀስ አድርጎ መናገር አልችልበትም። ዘይቱ እየጎደለ የሚሄደው የሚያፈስ ቱቦ ስላለ መሆኑን ነገርኋቸው። ውሃ ቱቦውን ከውስጥ ያዝገዋል፤ ፍሬኑ በቁልቁለት ሲግል ደግሞ ውሃው ይፈላል። እንፋሎት እንደ ዘይት ኃይል አያስተላልፍም፤ ስለዚህ እግር የሚረግጠው ባዶ ነገር ይሆናል።

«አሥራ አራት ዓመት ነድቻለሁ» አሉ ረጋ ብለው። «ዶሮ እንኳ አልነካሁም።»

«ዶሮዎቹም ሰዎቹም ስለሚሸሹዎት ነው፣ ጋሼ።»

ፊታቸው ተለወጠ። ሻካራ ንግግር መሆኑን አውቃለሁ፤ ግን ሐሙስ ነበር፣ እሁድ ቀርቧል። ስለዚህ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ወዳለው ሜዳ እንዲነዱ ለመንኋቸውና ውርርድ አቀረብሁ። ቦርሳዬን ሣሩ ላይ አስቀምጣለሁ። ቦርሳው ዘንድ ሲደርሱ ፍሬን ይይዛሉ። በአምስት እርምጃ ውስጥ ካቆሙ ከእንግዲህ ስለ ፍሬን አፌን አልከፍትም። ካላቆሙ ነገ መኪናዋ ጋራዥ ትገባለች።

ጋሽ ይገዙ ኮፍያቸውን አውልቀው የኋላ ወንበር ላይ አኖሩት። ውርርዱ ደስ እንዳላቸው ከዓይናቸው ያስታውቅ ነበር። ከሜዳው ዳር ተነሥተው መጡ፤ ፈተናው ያለበትን ቦርሳ ረገጡት፤ ሃያ አንድ እርምጃ ወደፊት ሄደው ቆሙ። እርምጃውን ራሳቸው ወርደው ለኩ። ሣሩ ያንሸራትታል አሉ። በጥር ወር ጠል እንኳ አልነበረውም።

«እንግዲያው አሁን ሦስት ጊዜ አይርገጡ» አልኋቸው። «አንድ ጊዜ፣ አጥብቀው። እኔም አጠገብዎ እቀመጣለሁ።»

«ትፈሪያለሽ።»

«እህቴ የምትቀመጥበትን ወንበር ልፈራ አልችልም።»

ተነሣን። ቦርሳው ዘንድ ስንደርስ አንድ ጊዜ አጥብቀው ረገጡ። ከሥራችን ቱቦ ሲፈነዳ ጧ የሚል ድምፅ ተሰማ፤ ፔዳሉም እስከ ወለሉ ወርዶ እዚያው ቀረ። መኪናዋ ምንም እንዳልተነገራት ሁሉ ሄደች። ጋሽ ይገዙ እግራቸውን አነሡ፣ ረገጡ፣ አነሡ፣ ረገጡ። እኔ የእጅ ፍሬኑን በሁለት እጄ ሳብሁ። ሜዳው አለቀ። የፊያቷ አፍንጫ የጎረቤታችንን የጫልቱን የጭድ ክምር ሰንጥቆ እስከ መስተዋቱ ገባና ቆምን።

ደስ ብሎኝ ነበር፣ አልዋሽም። ለአንድ ሳምንት ብሟገት የማላስረዳውን ነገር ያቺ መኪና በአንድ ደቂቃ አስረድታዋለች። ላሞቿን ልታበላ የመጣችው ጫልቱ መንሿን ይዛ በላያችን ቆመች።

«ዛሬስ ከሃያም አለፉ፣ ጋሼ» አለች።

ጋሽ ይገዙ ከመኪናዋ ወረዱ። ከነከረባታቸው ተንበርክከው ከመኪናዋ ሥር አዩ። ነጭ የሳሙና አረፋ ዝገት ተቀላቅሎበት አፈሩ ላይ ይንጠባጠባል። ሲነሡ ከጉልበታቸው ላይ ጭድ አላራገፉም።

«እሁድ ስንት ሆነን ነው የምንሄደው?»

«ትርንጎ፣ ሙሽራው፣ ሁለት ሚዜ፣ እርስዎ።»

«ድልድዩ ዘንድ ጭድ የለም» አሉ።

ነገሩ በዚህ ያለቀ መስሎኝ ነበር፤ አላለቀም። ሰው በድንጋጤ የተቀበለውን እንቅልፍ ሲያገኝ መልሶ ይከራከርበታል። ዓርብ ጧት መኪናዋን በገመድ አስጎትተን አየር ጤና ሰብስቤ ጋራዥ ስናደርስ ጋሽ ይገዙ ኮፍያቸውን ጭነው፣ እንደ ወትሯቸው ቀጥ ብለው ነበር። ሰብስቤን የፈነዳውን ቱቦ ብቻ እንዲለውጥ አዘዙት። የቀሩት አልፈነዱም፤ ያልፈነዳ ነገር ይጣላል ወይ አሉኝ።

እኔም ከፔዳሉ የሚነሣው ዘይት ለአራቱም ጎማ አንድ መሆኑን፣ በአንዱ በኩል ከፈሰሰ አራቱም ባዶ እንደሚቀሩ፣ ቱቦዎቹም ሁሉ በአንድ ቀን ተገጥመው አንድ ዓይነት የሳሙና ውሃ የጠጡ መሆናቸውን አስረዳሁ። እሳቸው ደግሞ መጽሐፍ ሁልጊዜ የሚያስፈራውን ነው የሚጽፈው አሉ። ሰብስቤ ከመኪናዋ ሥር ተኝቶ የሁለታችንንም ይሰማል። ሲወጣ እጁን በጨርቅ ይጠርግ ጀመር፤ ንጹሕ እስኪሆን ጠርጎም አላቆመም።

ጎንበስ ብዬ አየሁ። ወደ ግራው የኋላ ጎማ የሚሄደው ቱቦ ታጥፎ በመዶሻ ተጨፍልቋል። ዘይት ወደዚያ ጎማ ጨርሶ አይደርስም።

«ይህን ማን ነው ያደረገው?» አልሁ።

ሰብስቤ ጋሽ ይገዙን አየ እንጂ እኔን አላየኝም።

«እኔ ነኝ፣ ጋሼ። የዛሬ ስድስት ዓመት፣ ለሠርግ ተጣድፈው መጡ። ቱቦው ያፈስ ነበር፤ ሌላ ቱቦ በእጄ አልነበረም። ጨፍልቄ ዘጋሁትና ለጊዜው ነው፣ ሰኞ ይመለሱ አልኩዎ።»

«አልተመለስኩም።»

«ከወር በኋላ መጡ። እዚህ ሰው ሁሉ ባለበት፣ እንደ ሰብስቤ ያለ እጅ አዲስ አበባ የለም ብለው አሞገሱኝ። ከዚያ በኋላ አፍሬ ቀረሁ። መኪናዎ ስድስት ዓመት በሦስት ጎማ ነው የሚይዘው።»

ጋሽ ይገዙ ዓይናቸው ያረፈው በጎማው ላይ ነበር።

«ስንቷን ሙሽራ አሳፈርኩባት?» አሉ ለራሳቸው እንደሚናገሩ። ቀጥለውም ወደ እሱ ዞሩ። «ታዲያ ሰብስቤ፣ ከዚያ ወዲህ ስንት ጊዜ ተገናኘን። እንዴት አትነግረኝም?»

«እርስዎን እንዴት ብዬ፣ ጋሼ?»

በአገራችን ስንት ነገር በዚህ ጥያቄ ሥር ተቀብሯል። ሰብስቤ ሰነፍ አይደለም፤ ጋሽ ይገዙም ክፉ አይደሉም። አንዱ ታላቅ ሰው እንዳያሳፍር፣ ሌላው ያመሰገነውን እጅ እንዳይጠረጥር ሲተዛዘኑ፣ በመካከላቸው አንድ ቱቦ ስድስት ዓመት ተጨፍልቆ ኖረ። ሰፈሩም ሃያ እርምጃ ወደ ታች እየሄደ ቆመ። ሁላችንም ጨዋዎች ነበርን። ጨዋነታችን ግን ፍሬን አልሆነም።

ሰብስቤ እንደ ተናዘዘ ሰው ቀለል አለው። እንደገና ከሥር ገብቶ፣ ሳይፈነዳ የቀረውን የፊት ቱቦ ፈታና አምጥቶ ለጋሽ ይገዙ ሰጣቸው።

«ይህ ደህና ያሉት ነው። በጣትዎ አጠፍ ያድርጉት።»

አጠፍ አደረጉት። እንደ ደረቅ ጭራሮ ተሰበረ፤ ከውስጡም ቡናማ ጭቃ መዳፋቸው ላይ ፈሰሰ። ለረጅም ጊዜ አዩትና ስባሪውን በመሐረብ ጠቅልለው ኪሳቸው ከተቱት።

«ሁሉንም ለውጠው» አሉ። «አንድም እንዳታስቀር። እኔ ተው ብልህም አትስማኝ።»

ያን ቀንና ቅዳሜን እስከ ቀትር ሠራን። ሠራን የምለው ከአጠገቡ ስላልጠፋሁ ነው። ሰብስቤ አዲስ የመዳብ ቱቦ እየለካ ቆረጠ፤ በአውራ ጣቱ እያጎበጠ፣ ጎማ እንዳይፍቀው፣ ከጢስ መውጫው ሙቀትም እንዲርቅ አድርጎ አሠረው። ከጎማ የተሠሩትን የፍሬን ቱቦዎችም ለወጠ፤ የቀረውን ክፍል በደህና ዘይት ደጋግሞ አጠበ። በመጨረሻ አዲስ ዘይት ሞልቶ አየሩን ለማስወጣት ከሥር ገባ። ጋሽ ይገዙ ፔዳሉ ላይ ተቀመጡ።

«ይርገጡ ጋሼ፣ ይያዙ» አለ ሰብስቤ ከሥር።

እግራቸው በልማዱ አንድ ሁለት ሦስት አለ።

«አንዴ ጋሼ። አንዴ ብቻ።»

ይቅርታ ጠየቁ፤ እንደገና ሦስት ጊዜ ረገጡ። ከቱቦው ይልቅ እግራቸውን መለወጥ የከበደ ሥራ ሆነ። አምስተኛው ላይ ተሳካላቸው። ከአየሩ ጋር አረፋ፣ ከአረፋው በኋላም የጠራ ዘይት ወጣ፤ ፔዳሉ ከግማሽ መንገድ አልወርድም ብሎ ቆመ። ጋሽ ይገዙ ቀና ብለው አዩኝ። «እንደ ድንጋይ ነው የሚይዘው» አሉ። ፊታቸው ላይ ያየሁትን ደስታ ተማሪዎቼ ፊት ላይ ያየሁት ከሁለት ጊዜ አይበልጥም።

እሁድ ሆነ። ከበሮው፣ እልልታው፣ የሚዜዎቹ ግርግር ሁሉ ከበራችን ሃያ እርምጃ ወደ ታች ተሰብስቦ ነበር። ሰው ልማዱን ያውቃላ። እናቴ ትርንጎን እጇን ይዛ እዚያው አቁማታለች። ስለ አዲሱ ቱቦ ብነግራቸውም የሰማኝ የለም፤ ወደ ላይ የተመለሰም የለም። በራችን ላይ የቀረሁት እኔ ብቻ ነበርሁ።

ፊያቷ በአበባ አጊጣ ከላይ ብቅ አለች። ጋሽ ይገዙ ኮፍያቸውን አስተካከሉ። አንድ ጊዜ ረገጡ። መኪናዋ ሳትወላገድ፣ ሳትጮህ፣ የፊት ጎማዋ ከጫማዬ ጫፍ አንድ ክንድ ሲቀረው ቀጥ አለች።

እልልታው ተቋረጠ። ከበሮ መቺው እጁን አንሥቶ ቀረ። ከዚያ ያ ሁሉ ሰው ቀሚሱን ሰብስቦ፣ ትርንጎን አስቀድሞ፣ ዳገቱን መሮጥ ጀመረ።

ጋሽ ይገዙ አንገታቸውን በመስኮት አወጡ።

«ምነው እዚያ ርቃችሁ ቆማችሁ?» አሉ።

ትርንጎ ቁልቁለቱን ወርዳ፣ ድልድዩን ተሻግራ ባሏ ቤት በደህና ገባች። ጋሽ ይገዙ ድልድዩ አፍ ላይ ሲደርሱ ለሚሻገሩ በጎች ቆመው አሳልፈዋል፤ ይህን የነገረችኝ ራሷ ናት።

ያረጀ መኪና ያለው አንባቢ ከዚህ የሚያገኘው ትርፍ ግልጽ ነው። የሚቆምበትን ቦታ ራሱ ይመርጣል፤ የተሳፈረበት ሰው በሰላም ይወርዳል፤ መንገደኛም የሰውን መኪና ጠባይ ማጥናት አይኖርበትም። ይህንም ለማግኘት ጎንበስ ብሎ ከሥር ማየት፣ ለፍሬን የፍሬን ዘይት እንጂ ሌላ አለመጨመር፣ ያረጁትን ቱቦዎች ሳይፈነዱ በአንድነት መለወጥ ይበቃል። ለጊዜው የተባለ ጥገና ሰኞ በአዲስ ዕቃ ይተካ። መካኒክም ደንበኛውን የሚያከብር ከሆነ ያየውን ይንገረው።

ሰኞ ከትምህርት ቤት ስመለስ ዋጋነሽ አግዳሚ ወንበሯን ወደ ደጅ አውጥታለች። ጋሽ ይገዙ ተቀምጠውበታል፤ ሁለት የታክሲ ነጂዎች ፊታቸው ቆመዋል። የተሰበረውን ቱቦ ከመሐረባቸው አውጥተው፣ የሳሙና ውሃ ብረትን እንዴት እንደሚበላ፣ እንፋሎት ለምን እንደማያቆም፣ ነገሩን ራሳቸው መርምረው የደረሱበት ያህል ያስተምሯቸው ነበር። ትምህርታቸው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ትክክል ነበር። እኔም በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሰው ሳላቋርጥ ቆሜ ሰማሁ።