የጃፓናዊቷ ተዋናይ መጨረሻ

በጃንሆይ ጊዜ ነው። አውቶቡሳችን ጉቴን አልፎ ወደ ነቀምቴ ተጠግቷል። ከፊቴ አንድ ወጣት ነጋዴ፣ አጠገቡ ለተቀመጡ ለማያውቃቸው እናት፣ በኦሮምኛ «ሃርሜ»፣ እናቴ እያለ፣ አዲስ አበባ ሲኒማ ቤት ስላያትና ልብሷን ስለሚያስወልቋት ጃፓናዊት ተዋናይ ያወራል።

«ድሮ ተማሪ ሆና ነበር የምትሠራው፣ ሃርሜ። አሁን ባሏ የሞተባት ሴት ሆናለች።»

«አሁንም ልብሷን ያስወልቋታል?»

«በሁሉም ፊልም።»

«ከዚያስ ምን ትሆናለች?»

«ትታመማለች። መጨረሻ ላይ የምትሞት ይመስለኛል።»

«ይመስለኛል? አላየህም እንዴ?»

«ራቁቷን ካየ በኋላ ሰው ሁሉ ተነስቶ ይወጣል። እኔም እወጣለሁ።»

«እኛ ዘንድ የሚያጣጥር ሰው ብቻውን አይተውም፣ ልጄ። ጠላት እንኳን ቢሆን አጠገቡ ይቀመጡለታል።»

«ፊልም እኮ ነው፣ ሃርሜ።»

«ይሁን። ብቻዋን ትታችኋት ነው የወጣችሁት።»

ነቀምቴ ደርሰን ሰው ሁሉ ሲወርድ፣ ተዋናይዋን ብቻዋን የምተዋት መስሎኝ እኔ ከመቀመጫዬ አልተነሳሁም።